«እንኳን ደህና መጣህ» የተባለው መሪ

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። የኔን ያወጣው ማዘጋጃ ቤት ነው።

ስሙን ግን እዚህ አልጽፈውም። ልጄ ከልክላኛለች። «ዳዲ፣ ስቶሪውን ጻፍ፣ ኔሙን ተው» ብላኛለች። እኔ ደግሞ ዕድሜዬ ከገፋ ወዲህ የምፈራው ሁለት ነገር ነው፤ በረዶ ላይ መንሸራተትንና ልጄን። ስለዚህ «ያ ስም» እያልኩ እቀጥላለሁ። ይህን ያህል ግን ልናገር፤ በአፍሪካ ምዕራብ በኩል ከእንግሊዞች እጅ የወጣ አንድ አገር አለ። ያን አገር ነጻ በወጣ ማግስት የመራው ሰው ስም፣ ከነክብሩና ከነጣጣው፣ እኔ ላይ ተለጥፏል። እሱ አገር ነጻ አወጣ። እኔ ኤርፖርት ሻትል እየነዳሁ አርጅቼ፣ አንዲት ፓርኪንግ እንኳ ነጻ ማውጣት ሳይሆንልኝ ጡረታ ወጣሁ።

«እሱ» ማለቴን ልብ በሉልኝ። ለአገር መሪ «እሳቸው» እንደሚባል አጥቼው አይደለም። ሞክሼዬን አንቱ ካልኩ ራሴን አንቱ ያልኩ ይመስለኛል፤ እኔን ደግሞ ባለቤቴ እንኳ አንቱ ብላኝ አታውቅም።

ነገሩ እንዲህ ነው። አባቴ አዲስ አበባ ውስጥ የሰሌዳ ጸሐፊ ነበር። የሥጋ ቤቱን በሬ፣ የጸጉር ቤቱን ጎፈሬ፣ የጥርስ ሐኪሙን መንጋጋ የሚስለው እሱ ነው። በዚያ ዘመን ከአፍሪካ አገሮች አንዱ ነጻ ሲወጣ ሌላው ይከተላል፤ ነጻ የወጣው ሁሉ ደግሞ አዲስ አበባን ሳይጎበኝ አይውልም። ማዘጋጃ ቤቱ ለእንግዶቹ መቀበያ በየመንገዱ የሚወጠር ጨርቅ ያስጽፍ ነበርና፣ የዚያን መሪ ጨርቅ አባቴ ተቀበለ። አባቴ ሰውየውን በሬዲዮ ሰምቶታል። እንግሊዝኛ አይችልም፤ ድምፁን ነው የወደደው። «የሚለው ባይገባኝም፣ የምሩን እንደሆነ ያስታውቃል» ይል ነበር። እናም በነጭ አቡጀዲ ላይ በቀይ ቀለም፣ ፊደሉን እንደ ሙሽራ ኳኩሎ፣ «እንኳን ደህና መጣህ» ብሎ ጻፈና ከሥሩ ያን ስም አሰፈረ።

መጣህ። ለአገር መሪ።

የማዘጋጃ ቤቱ ሹም ጨርቁ ሲዘረጋ ቀለሙ እስኪደርቅ እንኳ አልታገሠም አሉ። «አንተ ሰውዬ፣ ማንን ነው አንተ የምትለው?»

አባቴም «ጌታዬ፣ እግዚአብሔርንስ አንተ አይደል የምንለው?» ብሎ መለሰ።

መልሱ ጥሩ ነበር፤ ሥራውን ግን አላስመለሰለትም። ሌላ ጸሐፊ «መጡ» ብሎ ጻፈ፣ መሪውም በዚያኛው ሥር እጁን እያወዛወዘ አለፈ። አባቴ የተመለሰበትን አቡጀዲ በብብቱ ይዞ ቤት ሲገባ፣ እናቴ እኔን ወልዳ ጠበቀችው። ጨርቅ የሚባክንበት ጊዜ አልነበረም። አቡጀዲው ተቀደደ፤ እኩሌታው መጠቅለያዬ ሆነ፣ እኩሌታው ደግሞ ልጅ ያሳደገ ሁሉ የሚያውቀውን ሌላውን ሥራ ሠራ። «ስሙን ለብሶ እያየሁት ሌላ ስም ከየት ላምጣለት?» አለ አባቴ። እናቴ በበኩሏ ያ ስም ምላሷ ላይ አልታጠፍ አላት። «ማሙሽ» ብላ ጀመረች፤ ጢም ካበቀልኩም በኋላ በሰው ፊት ማሙሽ ነበርኩ።

ጥቂት ዓመታት ቆይቶ ያን መሪ ወታደሮች ከሥልጣን አወረዱት። ጎረቤቶች መጥተው «እንግዲህ የልጁን ስም ምን ልታደርገው ነው?» ብለው ጠየቁ። አባቴ ብሩሹን ሳያስቀምጥ «ልጁ አልወረደም» አላቸው።

እንዲህ ሲል የወደደኝ እንዳይመስላችሁ። ያሳደገኝ ሞክሼዬን መለኪያ አድርጎ ነው። «ሞክሼህ ባንተ ዕድሜ ባሕር ተሻግሮ ይማር ነበር፤ አንተ ቦይ ተሻግረህ ትምህርት ቤት መድረስ አቃተህ።» ሂሳብ ስወድቅ የወደቅኩት እኔ ብቻ አልነበርኩም፤ አንድ አገር ሙሉ ይዤ ነበር የምወድቀው።

አሜሪካ ስመጣ ነገሩ ባሰ። በኛ ልማድ ልጅ የራሱ ስም አለው፣ ቀጥሎ የአባቱ፣ ከዚያ የአያቱ፤ አለቀ። እዚህ ግን ላስት ኔም የሌለው ሰው ሰው አይባልም። ልጄ ስትወለድ የኔ ስም ላስት ኔም ሆኖላት ቁጭ አለ። ያ መሪ እንዲህ ሆኖ፣ ሳይወልድና ሳያሳድግ፣ ሂልቶፕ በሚባል ሰፈር ውስጥ ጣሪያዋ በምታፈስ ቤት የምታድግ አንዲት የስሙ ወራሽ አገኘ። ልጄ ተምራ ነርስ ሆነች። ደረቷ ላይ ባጅ ተንጠለጠለ። ባጁ ላይ ያ ስም ተጻፈ። ታሪኩ የሚጀምረው እንግዲህ ከዚህ ነው።

አንድ ክረምት፣ ዳሌያቸው የተሰበረ አንድ አዛውንት ሆስፒታል ገቡ። ልጄ የደም ግፊታቸውን ልትለካ የመለኪያውን ጨርቅ ይዛ ቀረበች። አዛውንቱ ቀና ብለው ባጁን አነበቡ፣ ከዚያ ክንዳቸውን ሰብስበው ብርድ ልብሱ ውስጥ ከተቱ።

«ይህ ስም ዳግመኛ እጁን እኔ ላይ አያሳርፍም» አሉ።

ልጄ ሽማግሌው የተምታታባቸው መስሏት፣ እንደ ደንቡ ዛሬ ምን ቀን እንደሆነ ጠየቀቻቸው። ቀኑን ነገሯት። የት እንዳሉ ጠየቀቻቸው። ነገሯት። «ያ ስም ማን እንደሆነም አውቃለሁ» ብለው ጨመሩላት። ሌላ ነርስ መጥታ ለካቻቸው። ልጄ ወደ ኮሪደሩ ስትወጣ አንድ ወጣት ሮጦ ደረሰባት። የአዛውንቱ የልጅ ልጅ ነው። «አያቴን ይቅር በይልኝ፤ አንቺን አይደለም የጠሉት» አላት። ይቅርታው ረዥም ነበር መሰለኝ፣ ዓመት ከመንፈቅ ፈጀ። በመጨረሻው ላይ ሁለቱም ቤቴ ሳሎን ተቀምጠው መጋባት እንፈልጋለን አሉኝ።

ልጁን ወደድኩት። ከኤርፖርቱ ወዲያ ጋሃና በምትባል ከተማ ውስጥ ቢሮ ይሠራል፣ ሰው ሲያናግር ዓይን ያያል። ባለቤቴን «እትዬ» እኔን «ጋሼ» ማለት ተምሯል፤ አንዳንዴ ይሳሳትና እኔን «እትዬ» ይለኛል፣ እኔም አቤት እለዋለሁ። ያገሩ ስም ሲጠራ ግን ሳቄ ጠፋ። የሞክሼዬ አገር ነው።

«አያቴን እሱ አስሯቸው ነበር» አለኝ ልጁ ቀስ ብሎ። «ክስ ሳይመሠረት፣ ፍርድ ቤት ሳይቀርቡ። ያሳደጉኝ እሳቸው ናቸው፣ ጋሼ። ሳይመርቁኝ ማግባት አልችልም። ያ ስም በሬን አያልፍም ብለዋል።»

የልጁ እናት መላ ፈልጋ በልጁ በኩል ላከች። በአሜሪካ ወግ ሴት ስታገባ የባሏን ላስት ኔም ትይዛለች፤ ትያዝና ነገሩ ይለቅ አለች። ልጄ ወንበሯ ላይ ቀጥ አለች። «እናቴ ስታገባ ስሟን ቀይራለች? አያቴስ? ዋይ ሹድ አይ? የአባቴን ስም አልጥልም።»

እኔ ፊቴን ኮስተር አድርጌ «ተይ እንጂ ልጄ» አልኩ። ሳቄ እንዳይታይብኝ ግን ወደ መስኮቱ ዞርኩ። በስሜ የኮራ ሰው ሳይ የመጀመሪያዬ ነው።

ማታ ባለቤቴ «ለምን አንተ አትቀይረውም?» አለችኝ።

«ከቀየርኩት በምን ትጮሂብኛለሽ?»

«ለመጮህ ስም አያስፈልገኝም።»

እንግዲህ መሄድ የኔ ሆነ። ልማዱ ሌላ ነበር። በኛም በነሱም የወንዱ ወገን ነው ሽማግሌ ልኮ የሴቷን ደጅ የሚያንኳኳው፤ እነሱ እንዲያውም መጠጥ ይዘው መጥተው በሩን በጣታቸው ያንኳኳሉ አሉ። ግን አያትየው ያ ስም ያለበትን በር አላንኳኳም ብለዋል። ባለቤቴ ይህን ስትሰማ «የሴት አባት ሽማግሌ ሆኖ ሲሄድ ተሰምቶ አያውቅም። ልጃችን ቆማ ቀረች እንዲባል ነው?» አለች።

«ሽማግሌ አልሆንም» አልኳት፤ «ሽማግሌ ነኝ።»

አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ተነሣን። ልጄ ሥራ ላይ ነበረች። ባለቤቴ «ብቻህን ከሄድክ ሁለት አገር አጣልተህ ነው የምትመለስ» ብላ አብራኝ መኪና ውስጥ ገባች። መኪናዬ ቼክ ኢንጅን መብራቷን አብርታ፣ ከሂልቶፕ በብሮድ ስትሪት ቁልቁል፣ ፍራንክሊንተንን አልፋ ወንዙን እስክትሻገር ድረስ ዕቅዴን ለባለቤቴ ገለጽኩላት። ዕቅዴ ቀላል ነው። ቁጭ እንዳልኩ ሞክሼዬን መስደብ። ሽማግሌው ይጠሉታል፤ እኔም ከሰደብኩት ወገናቸው ሆንኩ ማለት ነው። ደግሞ በዚህ የተካንኩ ነኝ። ዕድሜዬን ሙሉ ራሴን ስሰድብ ኖሬያለሁ፤ ስማችን አንድ ስለሆነ አድራሻውን ብቻ ነው የምለውጠው።

«ሙት ወቃሽ አትሁን» አለችኝ ባለቤቴ።

«ለልጄ ስል ነው።»

«ለልጅህ ስትል ዝም በል።»

ቤታቸው ከኤርፖርቱ ብዙ አይርቅም። አውሮፕላን በጣሪያው ላይ በመጣ ቁጥር የቤቱ ሰው ሁሉ ቃሉን ጉንጩ ውስጥ ይዞ ይቆማል፤ ሲያልፍ ካቆመበት ይቀጥላል። ይህን ልማድ በኋላ ነው ያወቅኩት። አዛውንቱ በመስኮቱ አጠገብ ከዘራቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው ተቀምጠዋል። ቀጭን ናቸው፤ ሸሚዛቸው ተተኩሷል፣ ከረባታቸው ታስሯል። እንግሊዝኛቸውም እንደ ሸሚዛቸው የተተኮሰ ነው። የኔ እንግሊዝኛ ይህን ሁሉ ዘመን አሜሪካ ኖሮ ገና ዜግነት አላገኘም። ልጁ ጉሮሮ የሚፍቅ የዝንጅብል መጠጥ ቀዳልን። እናትና አባቱ ለወጉ ሰላም ብለውን ወጥ ቤት ገቡ፤ ጆሯቸውን ግን ሳሎን ትተውት ነው የገቡት።

«እሱ አንተ ነህ?» አሉኝ አዛውንቱ።

«ስሙ ብቻ ነኝ፣ አባባ» አልኩ። «ሰር» ማለቱ ለፖሊስ መሰለብኝ፤ አባባን በአማርኛው ነው ያልኳቸው።

ከዚያ ጀመርኩ። ጉረኛ ነበር አልኩ። የነጻነቱ ዕለት አባት ሆኖ መጥቶ ሲያድር የእንጀራ አባት ሆነባችሁ አልኩ። ከዘራው ወለሉን አንድ ጊዜ ቆረቆረ። እኔ አድናቆት መሰለኝ። ባለቤቴ በክርኗ ጎሸመችኝ፤ አበረታታችኝ መሰለኝ። ይኼኔ አውሮፕላን መጣ። ሁሉም ቆመ፤ እኔ ግን የቤቱን ልማድ አላወቅኩምና ከአውሮፕላኑ በላይ ድምፄን ከፍ አድርጌ ቀጠልኩ። አውሮፕላኑ ድንገት አለፈ፤ ጩኸቴ ብቻውን ሳሎኑ መካከል ቀረ።

«ሌባ ነበር!»

ወጥ ቤት ውስጥ አንድ ማንኪያ ወደቀ።

«ማን ነው ሌባ?» አሉ አዛውንቱ።

ያን ቃል ለማሳመሪያ ነበር የጨመርኩት።

«አስሮኛል። ጉረኛም ነበር፤ እሱ ልክ ነህ። ሌባ ግን አልነበረም። አንተን ምን አድርጎህ ነው የምትሰድበው? አስሮሃል?»

«አላሰረኝም፣ አባባ።»

«በነጻነቱ ሌሊት ጨፍረሃል?»

«ገና አልተወለድኩም ነበር።»

«እንግዲያው ዝም በል። እሱን ለመስደብ መጀመሪያ መታሰር ወይ መጨፈር ያስፈልጋል። እኔ ሁለቱንም አድርጌያለሁ።»

ባለቤቴ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ «ምን አሉ?» አለችኝ። «ያንቺኑ ነው ያሉት» አልኳት።

አዛውንቱ ከተናደዱ ወዲያ ተናገሩ። የባቡር ሠራተኛ ነበሩ። ነጻነቱ የታወጀ ሌሊት አደባባይ ላይ ሲጨፍሩ አንድ ጫማቸው ጠፍቶ፣ በአንድ ጫማ ወደ ሥራ ገብተዋል። ያን ቀን አለቃቸው እንግሊዛዊው እንኳ ለምን አላለም። በኋላ መሪው የባቡር ጋራዡን ሊጎበኝ መጣ። ግራሶ የነካውን እጃቸውን ሊጠርጉ ሲሉ ሳይጠረግ ጨበጣቸው፤ ነጭ እጅጌው ጠቆረ፣ እሱ ግን ሳቀ። ሚስታቸው የመጀመሪያ ልጃቸውን አርግዛ ነበር። ወንድ ከሆነ በዚህ ሰው ስም እጠራዋለሁ ብለው ለራሳቸው ማሉ።

«ከዚያ ሠራተኛው አመፀ» አሉ። «ጓንት ነበር የጠየቅነው። የሥራ ጓንት። እሱ ግን የጠላት ሴራ ነው አለ። ወሰዱን። ልጄ እኔ እስር ቤት እያለሁ ተወለደ። ሚስቴ ‹ስሙን ማን እንበለው?› ብላ ላከችብኝ። ‹ከዚያ ስም በቀር ያገኛችሁትን በሉት› ብዬ መለስኩ።»

ወጥ ቤቱ በር ላይ የልጁ አባት፣ ሌላ ስም የደረሰው ሰውዬ፣ ፎጣ ትከሻው ላይ ጥሎ ቆሟል። ታሪኩን ከዚያ በፊት ሰምቶት እንደሆነ ከፊቱ መለየት አልቻልኩም።

«ባያስረኝ ኖሮ» አሉ አዛውንቱ በከዘራቸው ልጃቸውን እያመለከቱ፣ «ያ ስም ይሄውልህ እዚህ ቆሞ ዕቃ ያደርቅ ነበር።» ወደኔ ዞሩ። «ያንተስ አባት ምን ሆኖ ነው? አገሩ ሌላ፣ ቋንቋው ሌላ። ከሱ ጋር ምን አገናኘው?»

ዕቅዴ አልቆ ነበርና የቀረኝ እውነቱ ብቻ ነበር። የአቡጀዲውን ነገር ነገርኳቸው። እንግሊዝኛ ግን ክፉ ቋንቋ ነው፤ ለእግዜሩም ለውሻውም አንድ «ዩ» ነው ያለው። አንተንና አንቱን ለማስረዳት ተነሥቼ ቆምኩ። ለትንሹ «ዩ» ጎንበስ ብዬ የልጅ ራስ ዳበስኩ፤ ለትልቁ «ዩ» እጅ ነሣሁ። የሰማኒያ ምናምን ዓመቱ አዛውንት ዝቅ ከፍ ስል ያዩኛል። ባለቤቴ አንገቷን ደፍታለች። በመጨረሻ «ገባኝ» አሉ፤ «አባትህ መሪውን እንደ ጎረቤት ልጅ ጠራው።»

«ወይ እንደ እግዚአብሔር፣ አባባ። በኛ ቋንቋ ሁለቱም አንድ ነው።»

«እኛም እንደዚያ ነበር የጠራነው» አሉ፤ ለኔ ሳይሆን ለመስኮቱ። ከዚያ «ጨርቁስ?» አሉ።

«እኔ ተጠቀለልኩበት።»

«ስሙ ያለበት ላይ?»

«ስሙ ያለበት ላይ። የቀረው ደግሞ...» ብዬ የቀረው ምን እንደሆነ በእጄ አሳየሁ።

አዛውንቱ ወደ ፊት አዘነበሉ። «በስሙ ላይ?»

«ቀንም ሌትም፣ አባባ።»

መጀመሪያ ከረባታቸው ተንቀጠቀጠ። ከዚያ ትከሻቸው። ያን የተተኮሰ ሸሚዝ የሚያጨማድድ ሳቅ መጣ፤ ልጁ ውኃ ይዞ ሮጠ፣ እናቱ ከወጥ ቤት ብቅ አለች። «አንድ የባቡር ሠራተኛ ማኅበር ሙሉ» አሉ እንባቸውን እየጠረጉ፣ «ያልደፈረውን ይሄ በተወለደ ሳምንቱ ሠራው።» እናትህ ምን ብላ ነው የምትጠራህ አሉኝ። ማሙሽ አልኳቸው፤ ትንሽ ልጅ ማለት ነው ብዬ። «ማሙሽ» አሉ፤ አፋቸው ላይ ጥሩ ታጠፈላቸው። ከዚያን ቀን ጀምሮ በጋሃና ውስጥ ስሜ ይኸው ነው።

ሳቁ ሲበርድ ግን ከዘራውን አንሥተው ያዙ። «ልጅህ ስሙን አልተውም አለች አሉ።»

«አልተውም ብላለች» አልኩ። የመጣሁበት ጉዳይ ይኸው ነውና ጉልበቴን ገጥሜ ተቀመጥኩ። «ግን አይጨነቁ። በኛ ልማድ ስም አይወረስም፣ ይንሸራተታል። የሷ ልጅ የራሱ ስም ይኖረዋል፣ ቀጥሎ የአባቱ፤ ማለት የርስዎ የልጅ ልጅ ስም፣ ቀጥሎ የርስዎ ልጅ ስም። ያ ስም ከሷ ላይ በጅራት በኩል ይወጣል። ማንም አይጥለውም፤ ራሱ ይወርዳል።»

«ራሱ ይወርዳል?»

«ራሱ።»

«ያለ መፈንቅለ መንግሥት?»

«ያለ አንዲት ጥይት።»

አውሮፕላን መጣ። ሁላችን ቃላችንን ጉንጫችን ውስጥ ይዘን ቆየን፤ በዚህ ጊዜ እኔም። ደስ ይላቸዋል ብዬ ፊታቸውን አያለሁ። ደስ አላላቸውም።

«ታዲያ ከሷ ወዲያ የለም ማለት ነው» አሉ።

«የለም፣ አባባ።»

«እሱን በዓይናቸው ያዩት እኔን የመሰሉ ናቸው። እኛም እያለቅን ነው።» በከዘራቸው ደግሞ ልጃቸውን አመለከቱ። «ይህ የተማረበትን ትምህርት ቤት እሱ ነው የሠራው። እኔ የታሰርኩበትን እስር ቤት የሠሩት እንግሊዞች ናቸው፤ እሱ መሙላት ብቻ ነው የሞላው።» ጥቂት አሰቡና ለልጅ ልጃቸው «እስቲ ጥራት» አሉት።

ልጁ ኮል አደረገላት። ሺፍቷን ጨርሳ መኪናዋ ውስጥ ተቀምጣ ስልኳን ስትጠብቅ ነበር፤ እንዴት እንደነዳች አልጠየቅኩም። የሥራ ልብሷን ሳትቀይር፣ ባጇ ደረቷ ላይ እየተወዛወዘ፣ የፍርድ ቤት ደጅ እንደደረሰ ሰው ገብታ በሩ ሥር ቆመች። እኔን አየችኝ። እኔ ምን እንደሚሆን አላውቅምና ጣሪያውን አየሁ።

አዛውንቱ ከዘራቸውን ተመርኩዘው ተነሡ። ልጃቸው ሊደግፋቸው ሲጠጋ አባረሩት። ወደ ጆሮዬ ጎንበስ ብለው «አባትህ ጨርቁ ላይ የጻፈው ምን ነበር? በቋንቋህ በለኝ» አሉ። አልኳቸው። ድገመው አሉ። ደገምኩት። በከንፈራቸው ተለማመዱት፤ ከዚያ ልጄ ፊት ሄደው ቆሙና ባጇን፣ ቀጥሎ ዓይኗን አዩ።

«እንኳን ደህና መጣህ» አሏት።

ልጄ እጇን አፏ ላይ አደረገች። ባለቤቴ ሰው ሲሳሳት ዝም ማለት አይሆንላትምና «መጣሽ ነው የሚባለው» ብላ አንሾካሾከች። እኔም ተረጎምኩላቸው።

«የተጻፈው እንዲህ ነው አላልክም?»

«ነው፣ አባባ።»

«እንግዲያው አታርሙት። አንዴ ታርሞ ነው ይህ ሁሉ የመጣው።»

ባለቤቴ ትርጉሙን አልጠበቀችም። እልልታዋን ለቀቀችው፤ የሚቀጥለው አውሮፕላን መጥቶ ሊሸፍነው ሞከረ፣ ግን አልቻለም። የልጁ እናት ለኛ ደጅ ማንኳኪያ ተገዝቶ ቁምሳጥን ውስጥ የከረመውን ጠርሙስ ይዛ ወጣች። አዛውንቱ ወንበራቸው ላይ ተመለሱ፣ የእጅጌያቸውን ቁልፍ ፈቱ፣ ሸሚዛቸውን እስከ ክርናቸው ጠቀለሉ። ያን ጊዜ ብርድ ልብስ ውስጥ የከተቱትን ክንድ በወንበሩ መደገፊያ ላይ ዘረጉት። ከዚያ የእንግሊዝ ትምህርት ቤት መምህር ተማሪ እንደሚጠራ፣ የልጄን ስም ትተው ላስት ኔሟን ብቻ ጠሩ። ያን ስም።

«ና ለካኝ» አሉ።

የመለኪያው ማሽን ከመስኮቱ ሥር ነበር። ልጄ ተንበርክካ ጨርቁን አሠረችላቸው፣ ማሽኑ አጉረመረመ፣ እሷም ቁጥሩን አይታ ቅንድቧን አነሣች። «ከፍ ብሏል» አለቻቸው። «ሁልጊዜ እንዲህ ነው?»

«ከነጻነት ወዲህ» አሉ።

ሠርጉ ካለፈ ከረመ። አሁን እሑድ እሑድ ወይ እነሱ ሂልቶፕ ይመጣሉ፣ ወይ እኛ ጋሃና እንሄዳለን። አዛውንቱ አዲስ ጨዋታ አግኝተዋል። ቁጭ ብለው ያን ስም ጮክ ብለው ይጠሩና ሥራ ያዙታል። ያ ስም ውኃ ያምጣ። ያ ስም መጋረጃውን ይክፈት። ልጄ ነፍሰ ጡር ስለሆነች የምነሣው እኔ ነኝ። ማሙሽ የሚሉኝ ስቀመጥ ብቻ ነው፤ ሥራ ሲመጣ መሪ እሆናለሁ። «ያሰረኝን ሰው ሻይ አስቀዳዋለሁ» እያሉ ለእንግዳ ሁሉ ያሳዩኛል።

ባለፈው እሑድ ቀድቼ ሰጠኋቸው፤ ቀመሱት።

«ቀጥኗል» አሉ።

«ጥፋቱ የሞክሼዬ ነው» አልኳቸው። «ድሮም እንዲህ ነበር፤ ቃል ይገባል እንጂ አያወፍርም።»

ሲኒውን አስቀመጡና ከዘራቸውን ፈለጉ።

«ሻዩን ድገመው፣ ማሙሽ» አሉ። «እሱን የምሰድበው እኔ ነኝ።»